ከቤተሰቡ ጀርባ ያለው መዝገብ፦ ሂሮካዙ ኮሬኤዳ «የኦዙ ወራሽ» ነውን?

ስለ ጃፓናዊው የፊልም ዳይሬክተር ስለ ሂሮካዙ ኮሬኤዳ በሚጻፉ ሂሶችና የፌስቲቫል መግለጫዎች ውስጥ አንድ መጠሪያ ሳይታክት ይመላለሳል፤ «የኦዙ ወራሽ» የሚል። ለመጠሪያው ምክንያት አይታጣለትም። ያሱጂሮ ኦዙ (1903–1963) የጃፓንን ቤተሰብ ገበታ፣ የልጆችን ትዳርና የወላጆችን ብቸኝነት የዓለም ሲኒማ ርእሰ ጉዳይ ያደረገ ታላቅ ባለሙያ ነው። ኮሬኤዳም በበኩሉ ሠላሳ ዓመት ገደማ ባስቆጠረው የልቦለድ ፊልም ሥራው ከቤት ደጃፍ እምብዛም አልራቀም። በሁለቱም ፊልሞች ውስጥ ሰዎች ወለል ላይ ተቀምጠው ይበላሉ፣ ስለ አየሩ ጠባይ ያወራሉ፣ ትልቁን ነገር ሳይናገሩት ይለያያሉ።

ይሁንና መጠሪያው ከሚገልጠው የሚሰውረው ይበዛል። ኮሬኤዳን በኦዙ በኩል የሚያነብ ተመራማሪ ቤተሰቡን ያገኛል፤ ያንን ቤተሰብ «ቤተሰብ ነው» ወይም «አይደለም» ብሎ የሚፈርደውን ጽሕፈት ቤት ግን ያጣል። በኮሬኤዳ ዋና ዋና ፊልሞች ውስጥ ሆስፒታል፣ ፍርድ ቤት፣ ፖሊስ ጣቢያ፣ ትምህርት ቤት፣ የጡረታ አበል ቢሮና የቤተሰብ መዝገብ ከገጸ ባሕርያቱ እኩል ይሠራሉ። እነዚህ ተቋማት በፊልሞቹ ውስጥ በአጋጣሚ የገቡ አይደሉም፤ ምንጫቸው ዳይሬክተሩ የመጀመሪያውን ልቦለድ ፊልም ከመሥራቱ በፊት በዘጋቢ ፊልም ያሳለፋቸው ዓመታት ናቸው። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።)

ኮሬኤዳ በ1962 በቶኪዮ ኔሪማ ወረዳ ተወለደ። አባቱ በጃፓን ቅኝ አገዛዝ ዘመን በታይዋን የተወለዱ፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ፍጻሜ በኋላም በሳይቤሪያ ምርኮኛ ሆነው የቆዩ ሰው ነበሩ። አብረዋቸው ይኖሩ የነበሩት አያቱ ደግሞ ልጁ ገና ትንሽ ሳለ የማስታወስ ኃይላቸውን እያጡ ሄዱ፤ በመጨረሻም የገዛ ቤተሰባቸውን ፊት መለየት ተሳናቸው። ኮሬኤዳ ይህን ትዝታ የ1998ቱ «ከሞት በኋላ» የተሰኘው ፊልሙ ሥር አድርጎ ደጋግሞ ይጠቅሰዋል። ቤተሰቡ በኋላ ኪዮሴ ከተማ ወደሚገኝ የመንግሥት ጋራ መኖሪያ ሕንፃ ተዛወረ፤ እሱም ከዘጠኝ ዓመቱ ጀምሮ እስከ ጎልማሳነቱ የኖረው እዚያ ነው። በ2016 የወጣው «ከማዕበሉ በኋላ» የተቀረጸው በዚሁ የመኖሪያ መንደር ነው።

በ1987 ከዋሴዳ ዩኒቨርሲቲ በሥነ ጽሑፍ ከተመረቀ በኋላ ቲቪ ማን ዩኒየን በተባለ የቴሌቪዥን ፕሮግራም አምራች ድርጅት ተቀጠረ። ይህ ድርጅት በ1970 የተመሠረተው የዜና ነፃነትን በሚመለከት ከጣቢያቸው ጋር ተጋጭተው ከቲቢኤስ ቴሌቪዥን በለቀቁ ባለሙያዎች ነበር። እንግዲህ ወጣቱ ኮሬኤዳ ሥራ የተማረበት ቤት የተወለደው ከተቋም ጋር በተደረገ ጠብ ነው። ኦዙ ግን ዕድሜውን ሙሉ ከሞላ ጎደል የሠራው በአንድ ትልቅ ስቱዲዮ፣ በሾቺኩ ጥላ ሥር ነበር። ሁለቱን በአንድ የዘር ሐረግ የሚያስተሳስሩ ጸሐፊዎች ይህን ልዩነት ቢመዝኑት መልካም በሆነ ነበር።

በ1991 በፉጂ ቴሌቪዥን የሌሊት ፕሮግራም የተላለፈው «ይሁን እንጂ…» የተሰኘው ዘጋቢ ፊልም ከዚህ አንጻር ሊዘለል የማይገባው ሥራ ነው። ፊልሙ የተነሣው ከሁለት ሞት ነው። አንደኛዋ የማኅበራዊ ድጎማዋ ከተቋረጠባት በኋላ ለሞት የበቃች ሴት ናት። ሁለተኛው በአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት ከፍተኛ ባለሥልጣን የነበረና የሚናማታን ጉዳይ የሚመለከት ሰው ነው። በሚናማታ የባሕር ወሽመጥ የኬሚካል ፋብሪካ በለቀቀው ሜርኩሪ የተመረዙ ሰዎች በሽታ በይፋ የታወቀው በ1956 ነበር፤ በ1990 ግን ካሣው ገና እያከራከረ ነበር። ፍርድ ቤት ዕርቅ እንዲወርድ ሐሳብ ሲያቀርብ መንግሥት እንቢ አለ። የእንቢታውን ምክንያት በአደባባይ የማስረዳቱ ዕጣ የወደቀው በዚህ ባለሥልጣን ላይ ነበር። በወጣትነቱ ግጥም ይጽፍ የነበረ፣ የሥራ ዘመኑንም በማኅበራዊ ደኅንነት ሥራ የጀመረ ሰው ነው። በዚያው ዓመት መገባደጃ ራሱን አጠፋ።

ኮሬኤዳ ወደዚህ ጉዳይ የገባው ቢሮክራሲውን ለመክሰስ አስቦ እንደነበር ተናግሯል። ከሟቹ ባለቤት ጋር ተቀምጦ ሲነጋገር ግን ክሱ እንዳሰበው ቀላል ሆኖ አልተገኘም፤ በአንድ ሰው ውስጥ ጨቋኙም ተጨቋኙም አብረው ተገኙ። ስለዚሁ ሰው በዓመቱ መጽሐፍ ጻፈ። «ጥፋቱ የማን ነው?» ለሚለው ጥያቄ አንድ ስም አለመስጠት ከዚያ ወዲህ የኮሬኤዳ መለያ ሆኗል። ይህን ጠባዩን ሃያስያን «ርኅራኄ» ይሉታል። ቃሉ ስሕተት አይደለም፤ ነገር ግን ጠባዩ የመጣው ከልብ መልካምነት ብቻ እንደሆነ ያስመስላል። ከምርመራ የተገኘ ውጤት መሆኑ ይረሳል።

በዚያው በ1991 የቀረበው «ሌላው ትምህርት» ደግሞ በናጋኖ ግዛት በኢና ከተማ ጥጃ ስለሚያሳድጉ የአንደኛ ደረጃ ተማሪዎች የሚናገር ነው። ኮሬኤዳ ልጆቹን ለዓመታት እየተመላለሰ ቀርጿቸዋል። ጥጃዋ አድጋ ያለ ጊዜዋ ወለደች፤ የወለደችውም ሞተ። ልጆቹ አለቀሱ፤ የእናቲቱን ወተት ግን አለቡ፣ ጠጡም፣ ጣፈጣቸውም። ሐዘንና ጣዕም አብረው የሚኖሩበት ይህ ሁኔታ በኋላ በብዙ ፊልሞቹ ውስጥ ይታያል። በ2008ቱ «ቢሄዱ ቢሄዱ» ውስጥ እናቲቱ የሰመጠ ልጅ ለማዳን ገብቶ የሞተውን የበኩር ልጇን ዝክር የምታከብረው በምግብ ነው፤ የበቆሎ ጥብሷ ሽታ ቤቱን ይሞላዋል። የዳነውን ልጅ በየዓመቱ ወደ ቤቷ የምትጠራው ግን ይቅር ስላለችው አይደለም፤ በየዓመቱ እንዲሣቀቅ ስለምትፈልግ ነው። ይህን ፊልም «ለስላሳ» ብለው የሚያልፉ ተመልካቾች እናቲቱ ይህን በተናገረችበት ሰዓት ወዴት ይመለከቱ እንደነበር ያጠያይቃል።

በ1995 በ«ማቦሮሺ» የጀመረው የልቦለድ ሥራው በቬኒስ ፌስቲቫል ለምስል ቅንብሩ ተሸለመ፤ የኦዙ ስምም ከዚያ ጊዜ ጀምሮ ከስሙ ጋር ተጣበቀ። ኮሬኤዳ ራሱ ስለዚህ ሲጠየቅ ይበልጥ የሚቀርቡት ሚኪዮ ናሩሴና እንግሊዛዊው ኬን ሎች እንደሆኑ መልሷል። በ1993 ስለ ታይዋናውያኑ ዳይሬክተሮች ሆ ሲያው ሲየንና ኤድዋርድ ያንግ ዘጋቢ ፊልም መሥራቱም የራሱን የዘር ሐረግ ወዴት ይፈልግ እንደነበር ይጠቁማል። በእርግጥ ዳይሬክተር ስለ ራሱ የሚናገረው የመጨረሻ ቃል አይደለም። የአሠራር ማስረጃው ግን ንግግሩን ይደግፋል። ኦዙ የእያንዳንዱን ተዋናይ እንቅስቃሴ አስቀድሞ የሚወስን፣ አንዲት የሻይ ኩባያ እንኳ ከቦታዋ ፈቀቅ እንዳትል የሚጠነቀቅ ሰው ነበር። ኮሬኤዳ ግን ለ«ከሞት በኋላ» ዝግጅት ከረዳቶቹ ጋር ሆኖ ከ500 በላይ ሰዎችን «ከሕይወትህ አንድ ትዝታ ብቻ ይዘህ ብትሄድ የትኛውን ትመርጥ ነበር?» እያለ ጠየቀ፤ ከእነዚህም አንዳንዶቹ በፊልሙ ውስጥ ራሳቸውን ሆነው ይናገራሉ። እዚያም ቢሆን ሙታን የሚገቡበት ስፍራ ገነት ሳይሆን ቢሮ መሆኑ ልብ ይሏል፤ ጠረጴዛ፣ ቅጽ፣ ቀጠሮና የሳምንት ቀነ ገደብ ያለበት ቢሮ።

የዚህ ሁሉ ፈተና የ2004ቱ «ማንም አያውቅም» ነው። ፊልሙ በ1988 በቶኪዮ ሱጋሞ አካባቢ በተገለጠ እውነተኛ ጉዳይ ላይ የተመሠረተ ነው። አንዲት እናት ልደታቸው ያልተመዘገበ ልጆቿን በኪራይ ቤት ትታ ከሌላ ሰው ጋር ለመኖር ሄደች፤ ታላቁ ልጅ ታናናሾቹን ለወራት ብቻውን አስተዳደረ። በመዝገብ ያልሰፈረ ልጅ ትምህርት ቤት አይጠራውም፣ ክትባት አይደርሰውም፣ ባይኖርም የሚፈልገው የለም። ኮሬኤዳ የመጀመሪያውን ረቂቅ የጻፈው ጉዳዩ በተሰማ በዓመቱ ነበር፤ ፊልሙን ለመሥራት ግን ከአሥር ዓመት በላይ ጠበቀ። ቀረጻው አራቱን ወቅቶች ተከትሎ ዓመት ሊሞላ ጥቂት እስኪቀረው ዘለቀ። ለልጆቹ የፊልሙ ጽሑፍ አልተሰጣቸውም፤ የሚሉትን በየዕለቱ በጆሯቸው ይነገራቸው ነበር። ታላቁን ልጅ የተጫወተው ዩያ ያጊራ በ14 ዓመቱ በካን ፌስቲቫል የምርጥ ወንድ ተዋናይ ሽልማትን ሲቀበል በዕድሜ ትንሹ ተሸላሚ ሆነ። ቁመቱ ሲጨምርና ድምፁ ሲጎረንን በፊልሙ ውስጥ የሚታየው ትወና አይደለም፤ በካሜራ ፊት ያለፈ ጊዜ ነው።

በዚህ ፊልም ላይ ግን አንድ ብርቱ ጥያቄ ሊነሣ ይገባል። በእውነተኛው ጉዳይ ትንሿ ልጅ የሞተችው የታላቅ ወንድሟ ጓደኞች ባደረሱባት ድብደባ ነበር። በፊልሙ ውስጥ ግን ከወንበር ላይ ወድቃ ትሞታለች፤ ወንድሟም አስከሬኗን በሻንጣ አድርጎ፣ አውሮፕላን ማየት ትወድ ስለነበር፣ ሐኔዳ አውሮፕላን ማረፊያ አጠገብ ይቀብራታል። ታዲያ ይህ እውነትን ማለዘብ አይደለምን? ነው ብሎ መመለስ ይቻላል፤ የዋህነት የተጫነው ምርጫ ነው። በድህነትና በመጣል የተጎዳ ልጅ ራሱ ጎጂ ሊሆን እንደሚችል ፊልሙ ሊነካው አልፈለገም። በሌላ ወገን ደግሞ ደብዳቢ ቢኖር ኖሮ ተመልካቹ ጥፋቱን ለደብዳቢዎቹ ሰጥቶ እፎይ ይል ነበር። አደጋ ሲሆን ግን የሚወቀሰው ማን ነው? ኪራይ ልትጠይቅ መጥታ የልጆቹን ሁኔታ በዓይኗ አይታ የምትመለሰው አከራይ? ጊዜው ያለፈበትን ምግብ በጓሮ በር የሚሰጠው የሱቅ ሠራተኛ? ልጁ ወደ ፖሊስ እንዲሄድ ስትመከር «ከሄድን ይለያዩናል» ብሎ የሚፈራው የሕፃናት ጥበቃ ሥርዓት? ኮሬኤዳ የልጆቹን ጭካኔ ቀንሶ የአዋቂዎቹን አለማየት ጨመረ። ዋጋ ያስከፈለው ቢሆንም ምርጫው ከ«ይሁን እንጂ…» ጀምሮ ሲከተለው የኖረው መርሕ ውጤት ነው።

በ2013 በካን የዳኞችን ሽልማት ያገኘው ፊልም በእንግሊዝኛ የሚታወቅበት ርእስ ልጅ አባቱን እንደሚመስል የሚናገር ነው። የጃፓንኛው ርእስ ግን ሌላ ነው፤ «አባት የሚሆኑት እንዲህ ነው» እንደ ማለት። አባትነት ከደም የሚወረስ ሳይሆን የሚደረስበት ነገር መሆኑ ከርእሱ ጀምሮ ተነግሯል። ሁለት ሕፃናት በሆስፒታል መለዋወጣቸው ከስድስት ዓመት በኋላ ሲታወቅ፣ ልጆቹ ወደ «ትክክለኛው» ቤታቸው ይመለሱ የሚለው ግፊት በመጀመሪያ የሚመጣው ከቤተሰቦቹ አይደለም፤ ጉዳዩን መዝጋት ከሚፈልገው ሆስፒታል ነው። በ2017 የወጣው «ሦስተኛው ግድያ» ደግሞ ዳኛ፣ ዐቃቤ ሕግና ጠበቃ እውነቱን ከመፈለግ ይልቅ ችሎቱ በታቀደለት ጊዜ እንዲያልቅ በዓይን ጥቅሻ ሲስማሙ ያሳያል። ከእነዚህ ሁለት ፊልሞች ቀጥሎ በ2018 የመጣው «የሱቅ ሌቦች ቤተሰብ» እንግዳ ሥራ ሊሆን አይችልም ነበር።

የዚህ ፊልም መነሻ የሞቱ ወላጆቻቸውን ጡረታ እየተቀበሉ ስለተያዙ ቤተሰቦች የተነገረ ዜና ነው። በአንዲት አሮጌ ቤት የሚኖሩ፣ በደም የማይገናኙ ሰዎች በአሮጊቷ ጡረታ፣ በጉልበት ሥራና በሱቅ ስርቆት ይተዳደራሉ፤ በብርድ በረንዳ ላይ የተተወች፣ ሰውነቷ በጠባሳ የተሞላ ሕፃንም ይዘው ይገባሉ። ፊልሙ ለተመልካቹ ይህን ቤት ካስወደደው በኋላ በመጨረሻው ክፍል በፖሊስ ምርመራ ክፍል ያፈርሰዋል። ሳኩራ አንዶ የተጫወተቻት ኖቡዮ መርማሪዋ ልጆቹ ምን ብለው ይጠሯት እንደነበር ስትጠይቃት የምታለቅስበት ትዕይንት የተቀረጸው ተዋናይቷ ጥያቄውን አስቀድማ ሳታውቅ ነው፤ ኮሬኤዳ ጥያቄዎቹን በነጭ ሰሌዳ ላይ እየጻፈ ለመርማሪዎቹ ብቻ ያሳይ ነበር። በልቦለድ ፊልም መካከል የቆመ ዘጋቢ ፊልም ማለት ይህ ነው። ሕጉ ሥራውን ከጨረሰ በኋላ ወንዱ ልጅ ወደ ሕፃናት ማሳደጊያ፣ ትንሿ ልጅ ደግሞ ወደ ወለዷት፣ ወደሚደበድቧት ወላጆቿ ትመለሳለች። በመዝገቡ መሠረት ትክክለኛው ቤቷ እሱ ነውና።

ፊልሙ የካንን ወርቃማ ዘንባባ አገኘ፤ ለጃፓናዊ ዳይሬክተር ከሾሄይ ኢማሙራ የ1997 ድል በኋላ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ በኋላ የሆነው ግን ከፊልሙ ባላነሰ ያስተምራል። የሀገራቸው ሰዎች በዓለም አደባባይ ሲያሸንፉ ደስታቸውን መግለጽ የሚያዘወትሩት ጠቅላይ ሚኒስትር ሺንዞ አቤ ዝም ማለታቸው አነጋጋሪ ሆነ። የትምህርት ሚኒስትሩ በምክር ቤት ሲጠየቁ ዳይሬክተሩን ጠርተው እንኳን ደስ አለህ ለማለት እንደሚሹ ተናገሩ። ኮሬኤዳ ግን ግብዣውን አልተቀበለም። ሲኒማ ከመንግሥት ፖሊሲ ጋር ተዋሕዶ ታላቅ ጥፋት ያስከተለበት ዘመን እንደነበረ አስታውሶ፣ ከመንግሥት ሥልጣን ጋር ያለውን ርቀት እንደሚጠብቅ በድረ ገጹ አስታወቀ። ተቃዋሚዎቹ ፊልሙ ከባህል መሥሪያ ቤት የገንዘብ ድጋፍ ማግኘቱን ጠቅሰው «ገንዘቡን ተቀብሎ እጁን መንሳቱ ግብዝነት ነው» አሉ። ይህ ክስ ሥር የለውም። የሕዝብ ግብር የሕዝብ እንጂ የገዢው ፓርቲ ስጦታ አይደለም፤ ኮሬኤዳም ድጋፉን ሳይሸሽግ አመስግኗል። አባቱ በጦርነቱ ምክንያት ሳይቤሪያ የቆዩበት ሰው ስለዚያ ዘመን ሲያስጠነቅቅ የሚናገረው ከመጽሐፍ ብቻ ተምሮ አይደለም። በ2022 ከኖቡሂሮ ሱዋና ከሌሎች ዳይሬክተሮች ጋር ሆኖ በፈረንሳይ እንዳለው ያለ፣ ከራሱ ከፊልም ገበያ በሚሰበሰብ ገንዘብ ሲኒማን የሚደግፍ ብሔራዊ ተቋም በጃፓን እንዲቋቋም መጠየቁም ከዚሁ አቋም ጋር አይጋጭም። ተቋምን የሚመረምር ሰው የተቋም ጠላት መሆን የለበትም፤ የተሻለ ተቋም ሊጠይቅ ይችላል።

ከጃፓን ውጭ የሠራቸው ሁለት ፊልሞች ግን ለዚህ ክርክር የማይመቹ ናቸው። በፈረንሳይ ከካትሪን ደኔቭና ከጁሌት ቢኖሽ ጋር የሠራው «እውነት» (2019) በሚገባ የተጫወቱት፣ ነገር ግን በጓዳ ውስጥ የተዘጋ ሥራ ነው። በደቡብ ኮሪያ የሠራው «ደላላው» (2022) ደግሞ ለተዋናዩ ሶንግ ካንግ ሆ የካንን ሽልማት ቢያስገኝም፣ ወላጆች ሕፃናትን ስማቸውን ሳይናገሩ ስለሚተዉበት ሣጥንና ስለ ጉዲፈቻ ንግድ እያወራ ሁሉንም ሰው ያለ ልክ ይምራል። ሕፃን ሻጩ ደግ ነው፣ ገዳይዋ ደግ ናት፣ ተከታትላ የምትይዛቸው ፖሊስ እንኳ በመጨረሻ ደግ ትሆናለች። ምክንያቱ ምናልባት የቋንቋው አለመታወቅ ብቻ አይደለም፤ በጃፓን የትኛው ቅጽ በየትኛው መስኮት እንደሚሞላ የሚያውቅ ሰው በቡሳን ያንን ዕውቀት አልያዘም። ዕውቀቱ ሲጎድል ርኅራኄው ብቻውን ቀረ። «ለስላሳው ኮሬኤዳ» የሚለው ምስል ከሁሉ ይልቅ የሚስማማው ለዚህ ደካማ ሥራው ነው።

በ2023 «ጭራቅ» በተሰኘው ፊልም ወደ ጃፓን ተመለሰ፤ ቦታውም ከሠላሳ ዓመት በፊት ጥጃዋን በቀረጸባት በናጋኖ፣ በሱዋ ሐይቅ ዳርቻ ነው። ጽሑፉ የእሱ አልነበረም፤ የዩጂ ሳካሞቶ ነበር፤ ጸሐፊውም በካን ተሸልሞበታል። ኮሬኤዳ ከ«ማቦሮሺ» ወዲህ የሌላ ሰው ጽሑፍ ወስዶ ሲሠራ ይህ የመጀመሪያው ነው። አንድ ክስተት በእናት፣ በመምህርና በልጆች ዓይን ሦስት ጊዜ ይተረካል። በመጀመሪያው ትረካ ልጄ በመምህሩ ተበደለብኝ ብላ ወደ ትምህርት ቤት የመጣችው እናት ፊት ርእሰ መምህሯና መምህራኑ ተሰልፈው ጎንበስ ይላሉ፣ አስቀድሞ የተዘጋጀ የይቅርታ ቃልም ያነባሉ። እናቲቱ «የማናግረው ሰው ነው ወይ?» እስከማለት ትደርሳለች። በሁለተኛው ትረካ ግን ያው ይቅርታ መምህሩ ያላጠፋውን እንዲቀበል የተገደደበት ሆኖ ይገኛል፤ በሦስተኛው ደግሞ ሁለቱም አዋቂዎች የልጆቹን ጉዳይ ከነጭራሹ እንዳላዩት ይታወቃል። ጽሑፉን ሌላ ሰው ጽፎት እንኳ የ1991ዱ ጥያቄ እንደገና መምጣቱ፣ ነገሩ ያለው በኮሬኤዳ ብዕር ላይ ብቻ ሳይሆን በሚመርጠውና ካሜራውን በሚያቆምበት ስፍራ ጭምር መሆኑን ያመለክታል። በፊልሙ መጨረሻ አካባቢ እናቲቱና መምህሩ በዐውሎ ነፋስ ውስጥ፣ በጭቃ በተዋጠ አሮጌ የባቡር ፉርጎ ላይ ወጥተው መስኮቱን በእጃቸው ይጠርጋሉ። ካሜራው ያለው ከውስጥ ነው። እጆቹ ጭቃውን በገፉት ቁጥር ዝናቡ መልሶ ያለብሰዋል።